የመንጋጋዋ ዓመተ ምሕረት

ይህ ነገር ከሆነ እዚህ ቶሮንቶ ሁለተኛው በረዶ ሊወርድ ነው። ለሰው ሳወራው "ታዲያ ይሄ ምኑ ነው ገጠመኝ?" ሊባል ይችላል። መኪና አልተገለበጠበትም፣ ሌባ አልገባበትም፣ የሞተ ሰው የለበትም። አንድ የሞተ ነገር አለበት፤ እሱም የሞተው ሰው የሚባል ፍጥረት ምድር ላይ ሳይኖር ነው። እኔን ግን እስከ ዛሬ አላስቀምጥ አላስቆም ብሎኛል። አውቶቡስ ውስጥ ድንገት ትዝ ካለኝ ከመውረጃዬ ሦስት ፌርማታ ቀደም ብዬ እወርድና የቀረውን በእግሬ እጨርሰዋለሁ።

አገር ቤት የተማርኩት ጂኦሎጂ ነው። የውሃ ጉድጓድ በሚቆፍር መሥሪያ ቤት አምስት ዓመት ሠርቻለሁ። በሙያዬ ተወዳድሬ ቶሮንቶ ስገባ ግን ድንጋዩም ጉድጓዱም ቀረና የደረሰኝ የመድኃኒት ካርቶን ማሸግ ሆነ። የተማርኩት ጨርሶ እንዳይጠፋብኝ ብዬ፣ ቅዳሜ ቅዳሜ በአንድ ሙዚየም ውስጥ የዳይኖሰር ቅሪተ አካል በሚጸዳበት ክፍል በነጻ ማገልገል ጀመርኩ። ከምኖርበት ከስካርቦሮ ሁለት አውቶቡስና አንድ ባቡር ነው። አንድም ቀን ቀርቼ አላውቅም።

ሥራው ለሚያየው ሰው ያስቃል። አጥንቶቹ ከተቆፈሩበት ከካናዳ ምዕራብ የሚመጡት በጆንያና በጀሶ ተጠቅልለው ነው፤ ወጌሻ ያሰራቸው ይመስላሉ። ጀሶውን እንቆርጥና ድንጋዩን ከአጥንቱ ላይ በመርፌ፣ በጥርስ ብሩሽ፣ በአየር በሚሠራ እንደ እስክሪብቶ በሚያዝ መሣሪያ ጥቂት በጥቂት እንፍቃለን። አንዲት የጣት አጥንት ወር ትፈጃለች። እኔ ደግሞ ትዕግሥት የሚባል ነገር አልፈጠረብኝም። ወረፋ ላይ ስቆም እንኳ እግሬ ብቻውን ይሄዳል። እዚያ ክፍል ስገባ ግን ምን እንደሚነካኝ አላውቅም፣ ረገብ እላለሁ።

ከጎኔ የሚቀመጡት ሰው ሚስተር ዋልተር ይባላሉ። ሰማንያ ሊሞላቸው ጥቂት ወራት ቀርቷቸው ነበር። ዕድሜያቸውን ሙሉ ሰው ሠራሽ ጥርስ ሲሠሩ ኖረው ጡረታ የወጡ ናቸው። "አሁንም የምሠራው ያው ጥርስ ነው፤ ልዩነቱ ደንበኞቼ አያማርሩም" ይላሉ። እንግሊዝኛ አንተና አንቱን አይለይም፤ እኔ ግን ጋሽ ዋልተር ነበር የምላቸው። ሲገቡ ከመቀመጫዬ ብድግ ስል መጀመሪያ ሽንት ቤት የምሄድ መስሏቸው መንገድ ይለቁልኝ ነበር። በአገሬ ለታላቅ ሰው እንደሚነሳ ከነገርኳቸው በኋላ ግን ሆን ብለው ሁለት ሦስት ጊዜ ወጥተው ይገቡብኛል።

ባለቤታቸው የሞቱት የማስታወስ ችሎታቸውን አጥተው ነው። በመጨረሻ እሳቸውንም ረስተዋቸው ነበር። ይህን የነገሩኝ አንድ ጊዜ ብቻ ነው፣ እየፋቁ፣ ቀና ሳይሉ። የተቀበሩትም ከከተማ ርቆ በተወለዱበት መንደር ነው። አውቶቡስ የሚባል እዚያ ስለማይደርስ ጋሽ ዋልተር እሑድ እሑድ መኪናቸውን እየነዱ ሄደው አበባ አስቀምጠውላቸው ይመለሳሉ።

በዚያ ዓመት በእጃችን የነበረው ዶሮ የምታህል ቅጠል በል ዳይኖሰር ነበረች። የራስ ቅሏን እኔ ስፍቅ፣ የታችኛውን መንጋጋዋን ጋሽ ዋልተር ይሠሩ ነበር። አንድ ቅዳሜ ጠዋት መንጋጋዋ ከነሦስት ጥርሷ ጸድታ አለቀች። አውራ ጣቴን አታህልም። የጋሽ ዋልተር እጅ ለመፋቅ አይንቀጠቀጥም፤ ለመጻፍ ሲሆን ግን ይንቀጠቀጣል። ስለዚህ እንደ ሁልጊዜው በትንሽ ሣጥን አድርገው "መለያዋን አንቺ ጻፊልኝ" ብለው ሰጡኝ።

መለያው ብዙ ጽሕፈት የለውም። አጥንቱ የተቆፈረበት ዓመትና ተራ ቁጥር ነው፤ በቃ። ነገር ግን የክፍሉ ኃላፊ ጆአን ለአዲስ ሰው ሁሉ የምትነግረው ነገር አላት። "ከየት እንደወጣ ያልታወቀ አጥንት ጠጠር ነው" ትላለች። ዓመቱ ከተሳሳተ ጉድጓዱ ይሳሳታል፤ ጉድጓዱ ከተሳሳተ ደግሞ አጥንቱ ስለ ምንም ነገር ሊመሰክር አይችልም።

በዚያ ቀን ልቤ ሌላ ቦታ ነበር። ታናሽ እህቴ ማህሌት ለትምህርት ልትመጣ ከአዲስ አበባ ፎርም እየሞላች ነበር። የልደት ምስክር ወረቀቷን፣ የዲግሪዋን፣ የቀበሌውን፣ ያልላከችልኝ ወረቀት የለም። ምሳዬን ሳልበላ የእኛን ዓመተ ምሕረት ወደ ፈረንጅ፣ የፈረንጁን ወደ እኛ እየገለበጥኩ ፎርሟን ስሞላላት ዋልኩ። ሰባት ደምሪ፣ ስምንት ደምሪ፣ ስምንት ቀንሺ። ከዚያ ገብቼ መለያዋን ጻፍኩ፤ ሣጥኗን ወደ መሳቢያ የሚገባው ዕቃ የሚቀመጥበት ትሪ ላይ አኖርኩና አውቶቡሴ እንዳያመልጠኝ ሮጥኩ።

ከሦስት ሳምንት በኋላ ጆአን የራስ ቅሏንና መንጋጋዋን አንድ ላይ ራጅ ልታስነሳ ፈለገች። መንጋጋዋ በቦታዋ የለችም። መሳቢያዎቹን አንድ በአንድ አወጣን። ጠረጴዛ ሥር ተንበረከክን። የአቧራ መጥረጊያውን ከረጢት ሳይቀር ዘርግፈን በወንፊት ነፋነው። የለችም።

መዝገቡ ላይ የወጣችው በጋሽ ዋልተር ስም ነው። እኔ የማውቀውን ተናገርኩ። "መለያዋን ጽፌ ትሪው ላይ አስቀምጫታለሁ" አልኩ። ውሸት አልነበረም። ጋሽ ዋልተር ግን ኪሳቸውን መዳበስ ጀመሩ። የሽርጣቸውን ኪስ፣ የካፖርታቸውን፣ የምሳ ቦርሳቸውን። ከዚያ እንደገና የሽርጣቸውን።

"ምናልባት ትሪው ላይ ሳያት ጥርሷን ትንሽ ላስተካክል ብዬ መልሼ ወስጃት ይሆናል" አሉ።

"ወስደዋታል እንዴ?" አለች ጆአን።

"አላስታውስም።"

ይህን ሲሉ ፊታቸው ተለወጠ። ባለፈው ወር የሙጫውን ክዳን ሳይዘጉ መሄዳቸውን፣ መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ ሰቅለው መፈለጋቸውን ራሳቸው አነሱት። ማንም አልጠየቃቸውም። እኔ እኮ ስልኬን በእጄ ይዤ ስልኬን የምፈልግ ሰው ነኝ። እኔን ግን "ዝንጉ" ብለው ያልፉኛል እንጂ ማንም ሐኪም ቤት ሂጂ አይለኝም።

በሚቀጥለው ቅዳሜ ጋሽ ዋልተር አልመጡም። ብድግ ለማለት ተዘጋጅቼ በሩን በሩን አይ ነበር። "ደውለው ነበር፤ ለጊዜው ልረፍ ብለዋል" አለች ጆአን። አንጀቴን በሉት። ወዲያው ግን ሌላ ነገር ነገረችኝ። ክፍሉ በደመወዝ አንድ ረዳት ሊቀጥር ነው፤ ሐሙስ ቃለ መጠይቅ አለ፤ ስሜን አስገብታለች። ከዚያ በኋላ እስከ ቤቴ ድረስ ያሰብኩት ስለ ሐሙስ ብቻ ነው። ጋሽ ዋልተር ከሐሳቤ ወጡ።

በማግስቱ እሑድ በሕንጻችን ምድር ቤት ልብስ እያጠብኩ ማህሌት ደወለች።

"ስሚ እንጂ፣ ሰብሚት ከማድረጌ በፊት፤ የተመረቅሁበት ጋ የሞላሽልኝ ዓመት በኛ ነው በፈረንጅ?"

"በፈረንጅ ነዋ!"

"እስቲ ቼክ አድርጊው። በኛ ነው ያደረግሽው እኮ! በአሥራ አራት ዓመቴ ዲግሪ አስጭነሽኛል።"

በሣቅ ልትሞት ነው። እኔም መሣቅ ጀምሬ ነበር፤ መሐል ላይ ሣቄ ተቋረጠ። እርጥብ አንሶላ እንደታቀፍኩ ቆሜ ቀረሁ። ያቺ መለያ ዓይኔ ላይ ድቅን አለች። የጻፍኩት ዓመት ቁልጭ ብሎ ታየኝ። በእኛ ነው የጻፍኩት! እጄ ከምሳ ሰዓቱ ሒሳብ ሳይወጣ ስምንት ቀንሶ ጽፎታል።

ሙዚየሙ ከእሷ ስምንት ዓመት ቀደም ብሎ የቆፈራቸው አጥንቶች ደግሞ በኋለኛው መጋዘን የራሳቸው መሳቢያ አላቸው። ዕቃ የሚያስገባው ሰው መለያዋን አንብቦ በታማኝነት እዚያው ከትቷታል ማለት ነው። መንጋጋዋ አልጠፋችም። ጋሽ ዋልተርም አልነኳትም።

"ሄሎ? ውድነሽ? ተቋረጠ እንዴ?"

"ቆይ፣ መልሼ ኮል አደርግልሻለሁ" ብዬ ዘጋሁት።

ማድረግ የነበረብኝ ነገር ግልጽ ነው። የጆአን ስልክ አለኝ፤ የጋሽ ዋልተርም አለኝ። አንድ መልእክት ነው። ጻፍኩና አጠፋሁት። እንደገና ጻፍኩና አጠፋሁት። የምወዳደርበት ሥራ ምንድን ነው? ቁጥር በትክክል መጻፍ ነው። ዓመተ ምሕረት የተምታታባትን ሴት ማን ይቀጥራል? የአምስት ዓመት ካርቶን በዓይኔ ዞረ። "ስንት ሚሊዮን ዓመት የተኛች መንጋጋ ስድስት ቀን ብትጨምር ምን ትሆናለች" አልኩ ለራሴ። ስለ መንጋጋዋ እውነቴን ነበር። ስለ ጋሽ ዋልተር አላሰብኩም ብል ግን እዋሻለሁ። አስቤያለሁ። "እሳቸው ዕረፍት ላይ ናቸው" ብዬ ራሴን ሸነገልኩት።

የዚያ ሳምንት አኳኋኔን ያየ ሰው ጠበል ውሰዷት ይል ነበር። ሥራ ቦታ የተሳሳተ መድኃኒት ያለበት ካርቶን ሁለት ጊዜ አሸግሁ። ስወጣ አውቶቡስ መጠበቅ ያቅተኝና በእግሬ እጀምራለሁ፤ ሲደርስብኝ እሮጣለሁ፣ ጥሎኝ ሲያልፍ እራገማለሁ፣ እንደገና እሄዳለሁ።

ማክሰኞ አላስችል ሲለኝ ለጋሽ ዋልተር ደወልኩ። ልነግራቸው ይሁን ላጽናናቸው አላውቅም ነበር።

"ደህና ነኝ፤ አንዳንድ ነገሮችን እያስተካከልኩ ነው" አሉኝ።

ድምፃቸው የተረጋጋ ነበር፤ ይበልጥ ያስፈራኝ እሱ ነው። ምን እንደሚያስተካክሉ አልጠየቅሁም። እንዳይነግሩኝ ፈርቼ "በሉ ደህና ይሁኑ" ብዬ ተሰናበትኳቸው።

ሐሙስ ቃለ መጠይቁ ጥሩ ሆነ። ከጠየቁኝ ነገር አንዱ "ስህተት ብትሠሪ ምን ታደርጊያለሽ?" የሚል ነበር። "ወዲያውኑ እናገራለሁ" አልኩ። ደግሞ እንዴት ባለ እንግሊዝኛ! ሦስቱም ጠያቂዎች ጻፉት።

ቅዳሜ ሙዚየሙ ሳይከፈት በር ላይ ነበርኩ። ጆአንን "አንድ ነገር ትዝ ብሎኛል" ብዬ ኋለኛው መጋዘን ወሰድኳት። መሳቢያውን ስበን አወጣነው። ሣጥኗ በማይመለከቷት አጥንቶች መካከል፣ በራሴ የእጅ ጽሕፈት፣ ከነሦስት ጥርሷ ተቀምጣለች። ስለ ዘመን አቆጣጠራችን አስረዳኋት። ጆአን ትቆጣለች ብዬ ትከሻዬን ሰብስቤ ስጠብቅ ግድግዳውን ተደግፋ ሣቀች። "አገርሽ ስሄድ ስምንት ዓመት ወጣት እሆናለሁ ማለት ነው?" አለችኝ። ያን ያህል ነበር። ሳምንቱን ሙሉ የሸሸሁት ቁጣ ይኸው ነበር። ከዚያ "ለዋልተር አሁኑኑ እንደውልላቸው" ስትል፣ እኔ ራሴ ሄጄ ልንገራቸው ብዬ ለመንኳት። የበደለ ሰው ሄዶ ነው ይቅርታ የሚጠይቀው፤ በስልክ ይቅርታ እኔ አላደግሁበትም።

የሚኖሩት ፍሌሚንግደን ፓርክ የሚባል ሰፈር ነው። ባዶ እጄን አልሄድም ብዬ ብርቱካን ገዛሁ። ከሁለቱ ሊፍት አንዱ ተበላሽቶ ስለነበር መጠበቅ አቅቶኝ በደረጃ ጀመርኩ፤ ስምንተኛ ፎቅ ስደርስ ትንፋሼ ቁርጥ ቁርጥ ይላል።

ጋሽ ዋልተር በሩን ከፍተው ሲያዩኝ ደስ አላቸው። እኔ ግን ዓይኔ ወደ ቤቱ ገባ። ሁሉም ነገር ላይ ወረቀት ተለጥፏል። ምድጃው ላይ "አጥፋው"፣ በሩ ላይ "ቁልፍ"፣ ቁም ሣጥኑ ላይ የቀን ስም፣ ስልኩ አጠገብ የልጃቸው ስም። የልጃቸውን ስም! በዚያ በሚንቀጠቀጥ እጃቸው የገዛ ቤታቸውን መለያ ሲጽፉለት ነው የሰነበቱት።

ተቀመጪ አሉኝ፤ አልተቀመጥኩም። ቆሜ ሁሉንም ነገርኳቸው፤ የእህቴን ወረቀቶች፣ የምሳ ሰዓቱን ሒሳብ፣ ኋለኛውን መጋዘን።

"እንግዲያው እኔ አልወሰድኳትም?"

"አልወሰዷትም።"

"ትሪው ላይም አልነካኋትም?"

"አልነኩም፣ ጋሽ ዋልተር።"

እንደገና ጠየቁኝ፤ እንደገና መለስኩ። ከዚያ ተነስተው ምድጃው ላይ የተለጠፈውን ወረቀት ላጡትና ጨምድደው በእጃቸው ያዙት። መነጽራቸውን አውልቀው ረጅም ጊዜ ሲወለውሉ ቆዩ። "እንደ እሷ የጀመረኝ መስሎኝ ነበር" አሉ። ያን ጊዜ ነው የተቀመጥኩት።

"ልጄ ይህን ስነግራት አታምነኝም፤ ጻፊልኝ" አሉ። ስህተቱ የእኔ እንደሆነ፣ እሳቸው ምንም ጥፋት እንደሌለባቸው ጽፌ ፈረምኩ። ወረቀቱን እያነበቡ፣ እንዲሁ ለወሬ ያህል ጠየቁኝ።

"መቼ ነው ነገሩ የገባሽ?"

መልሱ "ከገባኝ ሳምንት ሊሆነኝ ነው" ነበር። አፌ ግን "ዛሬ ጠዋት" አለ።

"አይ" አሉ ፈገግ ብለው፣ "አንድ ቀን ብትቀድሚ ኖሮ።"

መንጃ ፈቃዳቸውን በፊተኛው ቀን፣ አርብ፣ ራሳቸው ሄደው መልሰውታል። ማንም አላስገደዳቸውም። "ባለቤቴ መሪ ይዛ የራሷን ሰፈር ስታጣው አጠገቧ ነበርኩ፤ ሰው ሳልገጭ ብዬ ነው" አሉኝ። ማክሰኞ ሲያስተካክሉ የነበረው እሱን ነው። መኪናዋን ልጃቸው ወስዳታለች። መልሶ ለማውጣት ሐኪም አለው፣ ፈተና አለው፣ ወረፋ አለው። "በእኔ ዕድሜ ከእንግዲህ ተማሪ አልሆንም። በሱ አትጨነቂ" ብለው ብርቱካን ልጠው ሰጡኝ። በላሁት። ምን ዓይነት ሰው እንደሆንኩ ሳስብ የሚመጣብኝ ይሄ ነው፤ ተቀብዬ በላሁት።

ሥራውን አገኘሁ። ጋሽ ዋልተርም ተመልሰው ከጎኔ ይቀመጣሉ፤ አሁንም እየወጡ ይገቡብኛል። እኔ መንጃ ፈቃድ አወጣሁ። በየሁለት ሳምንቱ እሑድ የሥራ ባልደረባዬን መኪና ተውሼ ባለቤታቸው ጋ እወስዳቸዋለሁ። ማህሌት "ምን ጉድ ነው፣ ዘመድ አደረግሻቸው እኮ" ትለኛለች። እሷም አታውቅም።

መንገድ ላይ ሁልጊዜ ያመሰግኑኛል። "ሌላ ሰው ቢሆን ዝም ይል ነበር" ይላሉ። የጻፍኩላቸውን ወረቀት ማቀዝቀዣው ላይ ለጥፈውታል፤ ለመጣ እንግዳ ሁሉ ያሳዩታል። እኔ መሪውን ጭብጥ አድርጌ ፊት ለፊት አያለሁ። ስንት ጊዜ ልነግራቸው ተነስቻለሁ። "ጋሽ ዋልተር" እላለሁ። "አቤት" ይላሉ፤ ከእኔ ነው የተማሩት። "መስኮቱን ልክፈትልዎ?" ብዬ አልፈዋለሁ።

እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል። የእኔ አልጠራም ብሏል፤ ባደረ ቁጥር ይብስበታል። የመጀመሪያዋ ስህተት የማንም እጅ ልትሠራት ትችላለች። እነዚያ ስድስት ቀናት ግን የእኔ ናቸው፤ ጋሽ ዋልተር በእነሱ ውስጥ ቤታቸውን በወረቀት ሲለጥፉ ሰንብተዋል።

ይህን የምጽፈው ሌላው እንዲማርበት ነው ብል ደስ ባለኝ። በአማርኛ የጻፍኩት ጋሽ ዋልተር ስለማያነቡት ነው።